ቀለም የቆጠረ

ኢሎኢሎ፣ ሞሎ ሰፈር፣ ከቤተክርስቲያኑ ጀርባ፣
ለምረቃው ሁለት ቀን ሲቀር፣ ሌሊቱ ሲገባ፣
ዝናቡ ቆርቆሮው ላይ እንደ ጠጠር ሲረግፍ፣
የአክስቴ ማተሚያ ቆመ፣ ወረቀት ነክሶ በአፍ።

ሁለት መብራት፣ አንዱ ሲጠፋ አንዱ ሲበራ፣
እንደ ተኳረፉ ጎረቤቶች፣ በየተራ በየተራ።
«የቆሻሻ ቀለም ማጠራቀሚያው ሞልቷል» ይላል ጽሑፉ።
ይቅርታ እንኳ የለውም።

ክሪሴልዳ በር ላይ ቆማለች፣ ዣንጥላዋ ያንጠባጥባል፣
ስልሳ አራት ገጽ፣ ስለ ሸርጣን እርባታ፣ ፍላሿ ላይ ይጠብቃል።
እኔ ጁንሬል፣ ሁለተኛ ዓመት ላይ ያቋረጥኩ፣ የእህቷ ልጅ፣
ሁሉን በአንድ ጣት የምጨርስ፣ የአቋራጭ ወዳጅ፣
«ቁጥር ነው እኮ» አልኩ፣ «ቁጥር ብቻ፤
ዜሮ ማድረጊያው በሃምሳ ፔሶ ይሸጣል፣ በቃ።»

አክስቴ ሉዝቪሚንዳ መነጽሯን ግንባሯ ላይ ሰቀለች፤
«ቀለም የቆጠረው እሱ ነው፣ አንተ አይደለህም» አለች።

እውነቷን ነው። በዚያ ቤት እንደ እሱ ቀለም የቆጠረ የለም፤
አስራ አንድ ዓመት፣ ጠብታ በጠብታ፣
የጻፈውን አይደለም፣
የተፋውን።
ጠዋት ሲነቃ፣ አፉ ሲደርቅ፣ ሲጉመጠመጥ፣
ሰማያዊው፣ ቢጫው፣ ቀዩ፣ ወረቀት ሳይነካ የሚሰምጥ፣
ማንም ያላነበበው፣ ማንም ያልፈረመበት፣
ከሆዱ ሥር ስፖንጅ አለ፣ ያ ሁሉ የሚጠጣበት።

«አጎትህ አንሴልሞ» አለች፣ ካቻቢቴ ስትፈልግ፣
«ጂፕኒ ገዛ አንድ ጊዜ። አዲስ ቀለም የተቀባ።
ቆጣሪው አርባ ሺህ ይላል፤ ወደ ኋላ አዙረውት ነበር።
ቆጣሪው ረሳ። ፍሬኑ ግን አልረሳም፤
ቁልቁለቱ ላይ አስታወሰው።»
ሌላ አልጨመረችም። አጎቴን ሲያነክስ ነው የማውቀው።

ገመዱን ከግድግዳው ነቀለች፣ ጥቂት ጠበቀች።
አሮጌ ጋዜጣ ደራርባ ጠረጴዛው ላይ አነጠፈች።
ጓንት ሰጠችኝ፣ ዓሣ የምትበልትበትን፤
«ፊትህን እንዳትነካ፣ ዓይንህ ቢበላህም።»
(ዓይኔን መብላት የጀመረኝ ያኔ ነው።)

አንዲት ብሎን ፈታን። ስፖንጁ ሲወጣ ከብዶ፣ እንደ ጉበት፣
እኔ የጠበቅሁት ቀስተ ደመና ነበረ፤
ያ ሁሉ ቀለም አብሮ ተኝቶ፣ አንድ ላይ ጠቆረ።
የጠፋ ውሻ ማስታወቂያ፣ የልደት ወረቀት፣ የውርስ አቤቱታ፣
ከሟች ፎቶ በፊት አንድ ጊዜ ተጉመጥምጦ ተፍቶ፣
ይኸው እዚህ ነው ትፋቱ፣ በእጄ ይንጠባጠባል።

«ቁጥሩን ብቻ ደምስሰህ ቢሆን» አለች፣ «ዜሮ ባዶ ማለት መሰለህ?
ሞላሁ ያለህን አፉን ማፈን ነው። ነገ በጠረጴዛው ይወርዳል፣
ከጠረጴዛው ወደ ሶኬቱ።»

ለካ አዲሱ ስፖንጅ መሳቢያዋ ውስጥ ነበር፣
አምና መብራቱ ማስጠንቀቅ ሲጀምር የገዛችው።
አሮጌውን በፌስታል ጠቅልላ ሁለቴ ቋጠረች፤
«ቦዩ ላይ እንዳትጥለው፤ ቦዩ ወንዝ ይገባል፣
ወንዙ ደግሞ የዚችን ልጅ ሸርጣኖች ጋ።»
ክሪሴልዳ ሳቀች፣ ለመጀመሪያ ጊዜ በዚያ ሌሊት።

ከዚያ በኋላ ነው ዜሮ። እሱም በእኔ ሃምሳ ፔሶ አይደለም፤
ማንግ ቴኦዱሎ፣ የሃሮው ጠጋኝ፣ በሰጣት ፕሮግራም፣
ሌባ ቢገባ የሚሰርቀው በሌለበት አሮጌ ላፕቶፕ።
ማተሚያው አጉረመረመ፣ ራሱን ግራ ቀኝ ነቀነቀ፣
ተጉመጠመጠ፣
አዲሱ ነጭ ስፖንጅ ላይ የመጀመሪያዋን ተፋ።
አንድ ብሎ ቆጠረ።

ጓንቱ ለካ ቀዳዳ ነበረው፣ የዓሣ እሾህ የወጋው።
ጠቋሚ ጣቴ ጠቁሮ ቀረ፤ ሳሙና፣ ሎሚ፣ አሸዋ አልለቅ አለው።
የምረቃው ቀን የክሪሴልዳ አባት እጄን ጨብጦ፣
ጣቴን አየት አድርጎ፣
«አንተስ ልጄ፣ ምንድን ነው የተማርከው?» አለኝ።